ማሽኑ የማያውቀውን ታሪክ መብላት አይችልም

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

የምጽፈው በኪነ ጥበብ ገጻችሁ ላይ በየሳምንቱ ስለሚወጣው ተከታታይ ልብ ወለድ ነው። ታሪክ ሲፈርስ በሚወጣው ጉልበት መብራት ስለሚያመነጨው ማሽን የሚተርከውን ማለቴ ነው።

የፊዚክስ አስተማሪ ነኝ። ጋዜጣውን ክፍል ድረስ ይዘውት የመጡት ተማሪዎቼ ናቸው። አንዷ ገጹን አጥፋ ደብተሯ ውስጥ አድርጋዋለች። ክፍለ ጊዜው ሊያልቅ ሲል እጇን አወጣች። "ቲቸር፣ ይሄ ነገር የምር ይቻላል?" አለችኝ። ክፍሉ በሳቅ ተንጫጫ። እሷ ግን አልሳቀችም።

እንዲህ ያለ ጥያቄ ሲመጣ "ልብ ወለድ ነው እኮ" ብሎ ማለፍ ቀላል ነው። እኔ ማለፍ አልፈለግሁም። ደራሲው አውቀውትም ይሁን ሳያውቁት ግማሽ እውነት የሆነ ነገር ነክተዋል። ነገሩ ጨርሶ ፈጠራ ቢሆን ኖሮ ይህን ደብዳቤ አልጽፍም ነበር። ግማሹ እውነት ስለሆነ ነው ሌላው ግማሽ የሚቆጨኝ።

ላላነበቡት ባጭሩ ልንገራቸው። ማሽኑ ታሪክ ይሰጠዋል። መጀመሪያ የሰዎቹ ስም ይጠፋል። ቀጥሎ ምክንያቱ ይጠፋል፤ ልጁ ለምን ከቤት እንደወጣ የሚያስታውስ አይኖርም። ከዚያ ቅደም ተከተሉ ይምታታል፤ ሠርጉ ከመተጫጨቱ ይቀድማል። በመጨረሻ ቃላት ብቻ ይቀራሉ፣ እነሱም ይበተናሉ። ታሪኩ በፈረሰ ቁጥር አምፖሎቹ ይደምቃሉ። ታሪኩን ያውቁ የነበሩ ሰዎች ሁሉ ደግሞ ይረሱታል። ሥነ ጽሑፍ ባላስተምርም አምሮ የተጻፈ ነገር ሳነብ አውቃለሁ። ይሄ አምሮ የተጻፈ ነው።

ችግሩ አዛውንቱ ጋ ስንደርስ ይመጣል። ባለፈው ሳምንት ክፍል የማሽኑ ሰዎች ወደ አንድ አዛውንት ቤት ይሄዳሉ። አዛውንቱ ከእሳቸው በቀር በዓለም ላይ ማንም የማያውቀውን ታሪክ ያውቃሉ። አልጻፉትም። ለማንም አልነገሩትም። ሰዎቹ ገመዳቸውን ይዘረጋሉ፣ ማሽኑ ታሪኩን ከውስጣቸው ይመዘዋል፣ ከተማው ሌሊቱን ሙሉ በብርሃን ይጥለቀለቃል። ይህን ያህል ጉልበት የተገኘው ታሪኩ ብቸኛ ስለነበረ ነው ተብሎ ይነገረናል። አዛውንቱ ወንበራቸው ላይ ባዷቸውን ይቀራሉ።

ተማሪዎቼ እዚህ ጋ ሲደርሱ ተናደዋል። እኔም ተናድጃለሁ፣ ግን በሌላ ምክንያት። ይህ ነገር የተገላቢጦሽ ነው። በተፈጥሮ ሕግ ከሄድን፣ በዓለም ላይ ጠብታ ጉልበት የማይወጣው አንድ ታሪክ ቢኖር የእኚህ አዛውንት ታሪክ ነው። ለምን እንደሆነ እንዳስረዳ ቦታ ስጡኝ።

በመፍረሱ ልጀምር። ደራሲው የተሳሰረ ነገር ሲበጠስ ጉልበት ይለቃል የሚለውን ሐሳብ ደጋግመው ያነሳሉ። ተማሪዎቼም በየዓመቱ ፈተና ላይ ይጽፉታል። ልክ አይደለም። ትስስርን መበጠስ ጉልበት ይጠይቃል እንጂ አይሰጥም። የሃይድሮጅን ሞለኪዩል ሁለት አቶሞች የተያያዙበት ነው። አንድ ሞል (ኬሚስቶች አቶምና ሞለኪዩል የሚሰፍሩበት መለኪያ) ሃይድሮጅንን ወደ ነጠላ አቶሞች ለመለያየት 436 ኪሎ ጁል ማውጣት ግድ ይላል። ሃይድሮጅን ሲቃጠል የሚሞቀን ታዲያ ከየት መጥቶ ነው? አቶሞቹ ከኦክስጅን ጋር እንደገና ተያይዘው ውሃ ሲሆኑ ነው። አዲሱ ትስስር ከድሮው የጠበቀ ስለሆነ ትርፉ ወደ ውጭ ይወጣል።

ዩራኒየምም ያው ነው። ኦቶ ሃን እና ፍሪትዝ ሽትራስማን እ.ኤ.አ. በ1938 መጨረሻ ላይ ዩራኒየምን በኒውትሮን ሲመቱ ባሪየም አገኙ። ምን እንደተፈጠረ ያስረዱት ሊዜ ማይትነር እና ኦቶ ፍሪሽ ናቸው፤ ኒውክለሱ፣ ማለትም የአቶሙ እምብርት፣ ለሁለት ተሰንጥቋል። አንዱ ሲሰነጠቅ 200 ሚሊዮን ኤሌክትሮን ቮልት (የአቶም ዓለም የጉልበት መለኪያ) ገደማ ይወጣል። ሰው ሁሉ ጉልበቱ ከስንጥቁ የመጣ ይመስለዋል። ጉልበቱ የመጣው ግን ስብርባሪዎቹ ከመጀመሪያው ኒውክለስ ይበልጥ የጠበቁ ስለሆኑ ነው። የብረትን ኒውክለስ ለመሰንጠቅ የሞከረ ሰው ከኪሱ ያወጣል እንጂ አንዳች አያተርፍም።

እና ታሪክ ስለተሰበረ ብቻ አምፖል አይበራም። ጉልበቱ ከሆነ ቦታ መምጣት አለበት። እኔን የያዘኝ ከዚህ በኋላ ያለው ነው።

እ.ኤ.አ. በ1867 ጄምስ ክላርክ ማክስዌል ለወዳጁ ለፒተር ጋትሪ ቴት ደብዳቤ ጻፈ። በደብዳቤው ውስጥ አንድ ትንሽ ፍጡር አሰበ። ፍጡሩ አየር በሞላበት ዕቃ መሃል ያለች በር ላይ ይቆማል። እያንዳንዱ ሞለኪዩል በምን ፍጥነት እንደሚመጣ ያያል። ፈጣኑን በአንድ ወገን ያሳልፋል፣ ዘገምተኛውን በሌላው። ትንሽ ቆይቶ አንዱ ወገን ይሞቃል፣ ሌላው ይቀዘቅዛል። ፍጡሩ ምንም አልገፋም፣ ምንም አላነሳም። ያለው ነገር እውቀት ብቻ ነው። ሥራ ሳይሠራ ሙቀት እንዲህ ሊለያይ አይገባም ነበርና ነገሩ እንቆቅልሽ ሆነ። ኋላ ላይ ሎርድ ኬልቪን "ጋኔን" ብሎ ስም አወጣለት፣ ስሙም በዚያው ጸና።

ሊዮ ዚላርድ እ.ኤ.አ. በ1929 ይህን ነገር አጥንቱ እስኪቀር ድረስ አቀለለው። ሳጥን ውስጥ አንድ ሞለኪዩል ብቻ አለ እንበል። መሃል ላይ ግድግዳ እናስገባለን። ሞለኪዩሉ ወይ ግራ ነው ወይ ቀኝ። የት እንዳለ ካወቅን ግድግዳውን ፒስተን፣ ማለትም ተንሸራታች መግፊያ፣ አድርገን ክብደት እናስርበታለን። ሞለኪዩሉ ግድግዳውን ወደ ባዶው ወገን እየገፋ ክብደቱን ያነሳል። የሚገፋበትን ጉልበት ደግሞ ከአካባቢው ሙቀት ይወስዳል። ሥራው ሲያልቅ ሞለኪዩሉ ሳጥኑን ሙሉ ይዞራል፣ እኛም የት እንዳለ አናውቅም። እውቀታችን አለቀ፣ ክብደቱ ግን ተነስቷል። መጀመሪያውኑ የማናውቅ ከሆንን ክብደቱን በየት በኩል እናስረዋለን? ብንገምት ግማሹን ጊዜ እናተርፋለን፣ ግማሹን ጊዜ እንከስራለን። ሲደመር ዜሮ።

ይህን ሰሌዳ ላይ ስስለው የተማሪዎቼ ፊት አልተፈታም። ስለዚህ ስምንት ባዶ የክብሪት ሳጥኖች ጠረጴዛው ላይ ደረደርኩ። በእያንዳንዱ ውስጥ አንድ አንድ ጠጠር አደረግሁ። ጠጠሩ ግራ ከሆነ ዜሮ፣ ቀኝ ከሆነ አንድ ነው አልኳቸው። ስምንት ሳጥን 256 ዓይነት አደራደር ይሰጣል። ለ231ዱ ዋና ፊደሎቻችን ይበቃል፣ ይተርፋልም። ጋዜጣውን ያመጣችውን ልጅ ጠራኋት። አንድ ፊደል በልቧ መርጣ፣ ማንም ሳያያት ጠጠሮቹን በፊደሉ ልክ አስተካክላ ሳጥኖቹን ዘጋች። ፊደሉን አብራት ለምትቀመጠው ጓደኛዋ ብቻ በጆሮዋ ነገረቻት።

ከኋላ ወንበር አንድ ልጅ አስነሳሁ። "ፒስተኖቹን ግጠም፤ የቱ በግራ፣ የቱ በቀኝ እንደሆነ ንገረን" አልኩት። እጁን ከመጀመሪያው ሳጥን በላይ ዘርግቶ ቆመ። ወደ ሁለተኛው አሳለፈው። መለሰው። "ቲቸር፣ በምን ልወቀው?" አለ። ከዚያ ጓደኛዋ መጣች። ሳጥኖቹን ሳትከፍት በጣቷ እየነካች ግራ፣ ግራ፣ ቀኝ፣ ግራ እያለች ስምንቱንም ጨረሰች። ሳጥኖቹ ያው ናቸው። ጠጠሮቹ ያው ናቸው። ለልጁ ባዶ እጅ፣ ለእሷ ስምንት የተጫነ ፒስተን። ከዚያ ሳጥኖቹን አንድ በአንድ አንቀጫቀጭኳቸው። ፊደሉ ጠፋ። ጉልበቱ ወጥቷል ማለት ነው።

ታሪክ ሲፈርስ ጉልበት ይሰጣል የሚባለው በዚህ መንገድ ነው። ለልጅቷም "አዎ፣ በመርህ ደረጃ ይቻላል" አልኳት። ግን ታሪኩን አስቀድሞ ለሚያውቀው ብቻ።

ሌላም ነገር አለ። ሮልፍ ላንዳወር እ.ኤ.አ. በ1961 የማጥፋትን ዋጋ አሰላ። አንድ ቢት መረጃን፣ ማለትም እንደ አንዱ የክብሪት ሳጥን ዜሮ ወይም አንድ የሚለውን፣ መጀመሪያ ምን እንደነበር በማይታወቅበት ሁኔታ መሰረዝ ቢያንስ የተወሰነ ሙቀት ያስከፍላል። በክፍል ሙቀት ከነጥብ በኋላ 20 ዜሮ ተደርድሮ 29 የሚመጣበት ጁል ነው። ቻርልስ ቤኔት እ.ኤ.አ. በ1982 ይህንኑ ይዞ የማክስዌልን ጋኔን እንቆቅልሽ ፈታው። ጋኔኑ ያየውን ሁሉ ይመዘግባል፤ መዝገቡ ሲሞላበት መሰረዝ አለበት፤ ሲሰርዝ ያተረፈውን ሁሉ መልሶ ይከፍላል። ይሄ የወረቀት ላይ ጨዋታ ብቻ አይደለም። የጃፓን ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2010 አንዲትን ደቃቅ ቅንጣት ያለችበትን እያዩ ብቻ ሽቅብ እንድትወጣ አደረጓት። እ.ኤ.አ. በ2012 ደግሞ የላንዳወር ዋጋ በሙከራ ተለካ።

አሁን ወደ አዛውንቱ እንመለስ። ታሪኩን የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ናቸው። ማሽኑ አያውቀውም። ለማሽኑ ያ ታሪክ እንደተዘጉት የክብሪት ሳጥኖች ነው። ፒስተኑን በየት በኩል እንደሚገጥም የሚነግረው የለም። ዝም ብሎ ልሰርዘው ቢል ደግሞ ላንዳወር ያስከፍለዋል። ከተማው ከመብራት ፈንታ ጨለማ ይውጠዋል።

አንድ ተማሪ ቀበል አድርጎ ጠየቀኝ። "ማሽኑ መጀመሪያ ታሪኩን ይቅዳዋ፣ ከዚያ የሽማግሌውን ያፍርስ!" ጥሩ ጥያቄ ነው። ይችላል። ሁለት ቅጂ ካለ አንዱን እያዩ ሌላውን ማፍረስ ያተርፋል። ግን ቅጂው አሁን ማሽኑ ውስጥ ነው። እሱንም ላፍርስ ካለ የሚያየው ሌላ ቅጂ የለም፤ ያተረፈውን ይመልሳል። አንድ ሺህ ቅጂ ቢኖር 999ኙ ነዳጅ ይሆናል። የመጨረሻው በምንም ተአምር አይሆንም። ልጁ ጭንቅላቱን ያዘ። "ስለዚህ ማሽኑ ታሪኩን ጨርሶ ሊያጠፋው አይችልም?" አለ። ሊያጠፋው ይችላል፣ ግን ከኪሱ ከፍሎ ነው አልኩት።

ይህ ለልብ ወለዱ ምን ያህል እንደሚጠቅመው ደራሲው ቢያዩት ደስ ይለኛል። አሁን ባለው አተራረክ የማሽኑ ሰዎች ጉልበተኞች ናቸው፣ አዛውንቱ ደግሞ ምስኪን። ሰዎቹ ይገባሉ፣ ይወስዳሉ፣ ይወጣሉ። አንባቢ እያዘነ ገጹን ይገለብጣል። ሕጉን ከጠበቅን ግን ሁሉም ነገር ይዞራል። የማሽኑ ሰዎች አዛውንቱ ቤት ሲደርሱ መጀመሪያ የሚያደርጉት ገመድ መዘርጋት አይደለም። ቁጭ ብሎ መስማት ነው። ከዚያ ድገሙልን ማለት ነው። ቃል በቃል እስኪያውቁት ድረስ እየተመላለሱ መማር አለባቸው። ማስገደድ አይረዳቸውም። የነገሯቸው እውነተኛው ታሪክ መሆኑንስ በምን ያውቃሉ? አዛውንቱ አንዷን ቃል ቢቀይሩ ማሽኑ እዚያች ቃል ላይ ይከስራል። ማን በማን እጅ ላይ እንደወደቀ አስቡት።

ድርጅቱም ሌላ መልክ ይይዛል። ታሪክ የሚያጠኑ ሠራተኞች ያስፈልጉታል፣ ብዙ። ወጣቶችን ይቀጥራል፣ በየቤቱ ይልካቸዋል፣ በቃል ያስይዛቸዋል። ከእያንዳንዱ ታሪክ አንድ ቅጂ መትረፉ ስለማይቀር ያ የተረፈው ቅጂ የሚኖረው በእነዚህ ልጆች ጭንቅላት ውስጥ ነው። ታሪኩን ያውቁ የነበሩ ሰዎች ሁሉ ይረሱታል የሚለው አይሠራም። ሁሌም አንድ የማይረሳ ሰው አለ፣ እሱም ደመወዙ የሚከፈለው እንዳይረሳ ነው። እኔ ደራሲ ብሆን የምከተለው እሱን ነበር።

ስለ አዳራሹም አንድ ነገር ልበል። ማሽኑ ያለበት አዳራሽ እንደ እቶን የሚጋረፍ ተደርጎ ተስሏል፤ ሠራተኞቹ ላባቸውን ይጠርጋሉ። ቅድም እንዳልኩት ጉልበቱ የሚመጣው ከአካባቢው ሙቀት ነው። ታሪኩ ራሱ ጉልበት አልያዘም፣ ያንን ሙቀት ወደ ሥራ ለመቀየር መንገድ ይከፍታል እንጂ። ስለዚህ አዳራሹ መቀዝቀዝ አለበት። ማሽኑ በሠራ ቁጥር ግድግዳው ይበርዳል፣ ትንፋሽ ይታያል፣ ሰዎቹ ካፖርት ደርበው ይሠራሉ። ደግሞም ይሄ ከላቡ የበለጠ ያስፈራል።

መጠኑን ያየ አንባቢ "ይሄ ሁሉ ለምናምን ነው" ሊለኝ ይችላል። እውነቱን ነው፣ መጠኑ ኢምንት ነው። 500 ሺህ ፊደል ያለው መጽሐፍ እንውሰድ። በስምንት ቢት ሲባዛ 4 ሚሊዮን ቢት ይሆናል። ሙሉ በሙሉ ቢፈርስ የሚገኘው ጉልበት ከነጥብ በኋላ 13 ዜሮ ተደርድሮ 1 የሚመጣበት ጁል ገደማ ነው። 2.5 ሚሊግራም የምትመዝን ትንኝ በሰከንድ 40 ሴንቲሜትር ስትበር የያዘችውን ጉልበት ለማግኘት እንኳ ከአሥር ሚሊዮን በላይ እንዲህ ያሉ መጻሕፍት መፍረስ አለባቸው። የመጽሐፉ ወረቀት ቢነድ ግን፣ ግማሽ ኪሎ ከሆነ፣ 8 ሚሊዮን ጁል ገደማ ይሰጣል። ለእሳቱ ወረቀቱ ላይ የተጻፈው ነገር ግድ አይሰጠውም። ባዶ ደብተርም ያው ነው።

በዚህ ጉዳይ ደራሲውን አልወቅስም። አንድ ልብ ወለድ አንድ ትልቅ ውሸት የማግኘት መብት አለው ብዬ አምናለሁ። ቁጥሩን ያሳድጉት። አንድ ታሪክ ከተማ ያብራ፣ ግድ የለም። ያቺን አንድ ውሸት ከተቀበልን በኋላ ግን የቀረው ሁሉ ሕጉን ጠብቆ መሄድ አለበት። አንባቢ የሚያምነው በዚህ ነው። በተለይ ወጣት አንባቢ። ክፍሌ ውስጥ ያሉት ልጆች ልብ ወለዱን የሚያነቡት ጊዜ ለመግደል አይደለም። ማሽኑን በደብተራቸው እየሳሉት ነው። አንዱ ቱቦዎቹን ሳይቀር ስሎ አሳይቶኛል። እንዲህ የሚከታተል አንባቢ ያለው ጸሐፊ ዕድለኛ ነው፣ ጥንቃቄም ይገባዋል።

አንድ ነገር ልጨምር። ከክፍል በኋላ ያቺው ልጅ ወደ ጠረጴዛዬ መጥታ ሌላ ጥያቄ አነሳች። ሁለት ሰዎች አንድን ታሪክ የሚያውቁት ቢለያይስ? የእሷ እናት የምትነግራትና አክስቷ የምትነግራት አንድ አይደሉም። ለማሽኑ የትኛው ነው ትክክለኛው?

ይህ ጥያቄ እኔንም ብዙ አሳስቦኛል። ፍሬድሪክ ባርትሌት የተባለው እንግሊዛዊ የሥነ ልቦና ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1932 ያሳተመው ጥናት እዚህ ይጠቅማል። የሰሜን አሜሪካ ነባር ሕዝቦችን አንድ ተረት ለእንግሊዛውያን አስነበበና ጊዜ እየሰጠ መልሰው እንዲናገሩት ጠየቃቸው። ተረቱ እያጠረ ሄደ። እንግዳ የሆነባቸው ነገር ወደሚያውቁት ተቀየረ። ታንኳው ጀልባ ሆነ። የባሕር እንስሳ አደን የነበረው ዓሣ ማጥመድ ሆነ። ምክንያቱ ያልገባቸው ቦታ ላይ ከራሳቸው ምክንያት አበጁለት። ማንም ሊዋሽ አልፈለገም። ሰው ታሪክን የሚያስታውሰው እንደዚህ ነው።

ለልጅቷ የሰጠኋት መልስ ይሄ ነው። እናትሽና አክስትሽ የሚስማሙበት ክፍል ለማሽኑ ነዳጅ ይሆናል፤ አንዷን እያየ የሌላዋን ማፍረስ ይችላል። የሚለያዩበት ቦታ ላይ ግን የእናትሽ አነጋገር የእናትሽ ብቻ ነው። የአክስትሽም እንዲሁ። እያንዳንዳቸው ስለዚያ ቦታ ብቸኛ ቅጂ ናቸው። ማሽኑ እዚያ ሲደርስ ከመብላት ይልቅ መክፈል ይጀምራል። ይሄን ስነግራት ቆም ብላ አሰበችና፣ "ከሁሉ የከፋው ነዳጅ እንግዲህ ሁሉም እንደየራሱ የሚያወራው ታሪክ ነው ማለት ነዋ" አለች። ልክ ናት። ከሁሉ የተሻለው ነዳጅ ደግሞ ቃል በቃል የሚሸመደደው ነው። በሺህ ቅጂ አንድ ዓይነት ሆኖ የታተመው ነው። የማሽኑ ባለቤቶች ይህን ካወቁ ሰው ሁሉ አንድን ታሪክ በአንድ ዓይነት ቃል እንዲናገር መፈለጋቸው አይቀርም። አክስትየዋን ያርሟታል። እናትየዋን ያርሟታል። ልብ ወለዱ የእውነት የሚያስፈራው እዚህ ጋ ይመስለኛል፤ ታሪኮቹ ከመፍረሳቸው በፊት፣ ለመፍረስ እንዲመቹ አንድ ዓይነት ሲደረጉ።

ልብ ወለዱ ገና እንዳላለቀ አውቃለሁ። አዛውንቱ ወንበራቸው ላይ ባዷቸውን ተቀምጠዋል። ደራሲው የታተመውን መልሰው መሰረዝ እንደማይችሉም ይገባኛል። ግን መንገድ አለ። ሌሊቱን ሙሉ የበራው መብራት ከአዛውንቱ ታሪክ እንዳልመጣ፣ ድርጅቱ ሌላ ታሪክ አፍርሶ ለወሬ እንዲመቸው እንዲህ እንዳለ በሚቀጥለው ክፍል ሊገለጥ ይችላል። ያኔ አዛውንቱ ዝም ያሉት ባዶ ስለሆኑ ሳይሆን ለእነዚያ ሰዎች መናገር ስላልፈለጉ ይሆናል። ድርጅቱም ሰሚ ለመላክ ይገደዳል። የሚላከው ወጣት ማን እንደሆነ፣ ምን ያህል ጊዜ እንደሚመላለስ፣ ታሪኩን በቃሉ ከያዘ በኋላ ለማን እንደሚነግረው የደራሲው ፋንታ ነው። ክፍሌ ለሁለት ተከፍሎ እየተከራከረበት ነው። ግማሾቹ ልጁ ታሪኩን ይዞ ይጠፋል ይላሉ። ሌሎቹ ድርጅቱ ቀድሞ ሁለተኛ ሰው እንዲያስጠናው ያደርገዋል፣ ከዚያ ያባርረዋል ባዮች ናቸው። ሁለቱም በሕጉ ይሄዳል።

ደብዳቤዬን ለደራሲው እንድታደርሱልኝ እጠይቃለሁ። በስሌቱ ላይ ጥያቄ ካላቸው በደስታ እመልሳለሁ።

ከአክብሮት ጋር፣
አንዲት የፊዚክስ አስተማሪ